የተረሳው ጸሐፊ፤ ኢዴ ቶሺሮና ከጦርነት በኋላ የነበረው የጃፓን የወጣቶች ሲኒማ

ስለ ጃፓን በአማርኛ የተጻፈውን የተከታተለ ሰው ሁሉ ከበደ ሚካኤል «ጃፓን እንደምን ሠለጠነች» በሚል ርእስ የደረሱትን መጽሐፍ ያስታውሳል። በአገራችን የጃፓን ነገር ሲነሣ አብዛኛውን ጊዜ የሚተረከው የሜጂ ዘመን ነው፤ የባቡሩ ሐዲድ፣ ፋብሪካው፣ የጦር መርከቡ፣ ባሕር ማዶ ተልከው ዕውቀት ይዘው የተመለሱት ተማሪዎች። በ1931 የወጣው የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት ሲረቀቅም የሜጂው ሕገ መንግሥት በአብነት ታይቷል። ይሁን እንጂ ጃፓን ሕጓን ከሥር የለወጠችው አንድ ጊዜ ብቻ አይደለም። በ1945 በጦርነት ተሸንፋ አሜሪካኖች በሚመሩት ሠራዊት ከተያዘች በኋላ ሁለተኛ ለውጥ መጣባት፤ ይኸኛው ከመርከብና ከፋብሪካ ይልቅ የቤትን፣ የጋብቻንና የተማሪ ቤትን ኑሮ የሚነካ ነበር።

እኛ በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው ከዚህ ከሁለተኛው ለውጥ ጋራ የተያያዘ አንድ ጥያቄ ነው። ሕግ በወረቀት ይታወጃል፤ ነገር ግን ከወረቀት ወጥቶ በተራ ሰው አፍ የሚገባው፣ አባት ለልጁ፣ ተማሪም ለአስተማሪው ሊናገረው የሚችለው ቃል የሚሆነው በምን መንገድ ነው? ለዚህ ጥያቄ ብዙ መልስ ይኖራል። እኛ ግን በአንዲት ጠባብ በር ገብተን ልንመለከተው እንወዳለን፤ እርስዋም ኢዴ ቶሺሮ የሚባል ስሙ እምብዛም የማይነሣ የፊልም ድርሰት ጸሐፊ የሠራው ሥራ ናት። በጽሑፋችን ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውንና የጃፓኖቹም ስም እንደ አገራቸው ልማድ የቤተ ሰቡ ስም ቀድሞ መጻፉን አንባቢው እንዲያስተውል እናሳስባለን።

፩. ስሙ ያልተነሣው ሰው

በሐምሌ ወር 1949 በጃፓን ከተሞች «አዎይ ሳንሚያኩ» የሚባል ፊልም ታየ። ትርጓሜው «ሰማያዊዎቹ ተራሮች» ማለት ነው። ፊልሙ ሁለት ክፍል ስለ ነበረው የመጀመሪያው ከታየ ከአንድ ሳምንት በኋላ ሁለተኛው ተከተለ፤ ሁለቱ ተደምረው ሦስት ሰዓት ያህል ይፈጃሉ። «ኪኔማ ጁምፖ» የሚባለው የታወቀ የሲኒማ መጽሔት በየዓመቱ ሒሳውያንን ሰብስቦ በሚያወጣው የብልጫ ዝርዝር የዚያን ዓመት ሁለተኛውን ቦታ ሰጠው። አንደኛ የሆነው የኦዙ ያሱጂሮ «ባንሹን» ሲሆን ሦስተኛው የኩሮሳዋ አኪራ «ኖራ ኢኑ» ነበረ። እንግዲህ ፊልሙ ከማን ጋራ ተወዳድሮ በማን መካከል እንደ ተቀመጠ ከዚህ መረዳት ይቻላል።

ዛሬ ስለዚህ ፊልም የሚናገር ሰው በመጀመሪያ የሚያነሣው መዝሙሩን ነው። ግጥሙን ሳይጆ ያሶ ጽፎት፣ ዜማውን ሃቶሪ ርዮይቺ ደርሶት፣ ፉጂያማ ኢቺሮና ናራ ሚትሱዌ የዘፈኑት ይህ መዝሙር ከፊልሙ አስቀድሞ በሸክላ ወጥቶ በሕዝብ ዘንድ ተዳርሶ ነበር። ከመዝሙሩ ቀጥሎ የሚነሣው የመምህርቲቱን ሚና የያዘችው የሃራ ሴትሱኮ ስም ነው። ሦስተኛው መጽሐፉን የደረሰው ኢሺዛካ ዮጂሮ፣ አራተኛው የፊልሙ አዘጋጅ ኢማይ ታዳሺ ነው። ከኢማይ ጋራ ሆኖ የፊልሙን ድርሰት የጻፈው ኢዴ ቶሺሮ ግን ስሙ በመጋረጃው ላይ ለጥቂት ሰከንድ ከታየ በኋላ የሚያስታውሰው ጥቂት ነው።

ኢዴ በ1910 ተወልዶ በ1988 የሞተ ሰው ነው። ከቶሆ የፊልም ኩባንያ ጋራ ለረጅም ጊዜ ሠርቷል። በጸሐፊነት ስሙን ያስነሣለት ይኸው «ሰማያዊዎቹ ተራሮች» ሲሆን ከዚያ በኋላ በብዙ ፊልሞች ላይ፣ ይልቁንም ናሩሴ ሚኪዮ ባዘጋጃቸው ላይ ተካፍሏል። ብዙውን ጊዜ የሚጽፈው ከሌላ ሰው ጋራ ተጣምሮ ነው፤ የሚጽፈውም አብዛኛውን ጊዜ ሌላ ሰው የደረሰውን ልብ ወለድ ወደ ፊልም በመመለስ ነው። እነዚህ ሁለት ነገሮች፣ ማለት ተባባሪነትና መላሽነት፣ ለዝና የሚመቹ አይደሉም። ሥራው በደንብ የተሠራ እንደ ሆነ ተመልካቹ ደራሲውን ወይም ተዋናዪቱን ያመሰግናል እንጂ በመካከል የቆመውን ሰው አያየውም።

፪. ዘመኑ

የፊልሙን ነገር ለመረዳት አስቀድሞ ዘመኑን ማወቅ ያስፈልጋል። የጃፓን ሴቶች በአገሪቱ ምርጫ ድምፅ ለመጀመሪያ ጊዜ የሰጡት በሚያዝያ 1946 ሲሆን በዚያ ምርጫ 39 ሴቶች ለምክር ቤት ተመረጡ። አዲሱ ሕገ መንግሥት በግንቦት 3 ቀን 1947 ሥራ ላይ ዋለ። አንቀጽ 24 ጋብቻ በሁለቱ ተጋቢዎች ፈቃድ ብቻ የሚመሠረት መሆኑን ደነገገ። በዚያው ዓመት በመጋቢት የወጣው የትምህርት መሠረታዊ ሕግ ወንዶችና ሴቶች አብረው እንዲማሩ መንገዱን ከፈተ። በጥር 1948 ደግሞ የተሻሻለው የፍትሐ ብሔር ሕግ ቀድሞ የቤቱ አለቃ በቤተ ሰቡ ላይ የነበረውን በሕግ የታወቀ ሥልጣን አስቀረ።

እነዚህ ሁሉ በሁለት ዓመት ውስጥ የወጡ ናቸው። ሕጉ በቶኪዮ ሲታወጅ በየአውራጃው ከተማ ያለው አባት ግን ያው የትናንቱ አባት ነበር። የሴቶች ተማሪ ቤት አስተዳዳሪውም፣ የአገር ሽማግሌውም፣ ስለ ጎረቤት ልጅ የሚያወራው ባለ ሱቅም ያው የትናንቱ ሰው ነበር። ስለዚህ «ነፃነት» የሚለው ቃል በየጋዜጣው ቢጻፍም በዕለት ኑሮ ውስጥ እንዴት እንደሚነገርና ማን ለማን በምን ድምፅ እንደሚለው ገና አልተለመደም ነበር።

ሲኒማው ራሱ ከዚህ ችግር ውጭ አልነበረም። የያዘው ሠራዊት የፊልም ሥራን በሳንሱር ይቆጣጠር ነበር። በኅዳር 1945 ለፊልም ሠሪዎች የተከለከሉ 13 ነገሮች ተዘርዝረው ተሰጡ፤ ጦርነትን ማወደስና ለጌታ ሲባል መበቀልን የመሳሰሉት ናቸው። የፊልም ድርሰቶችም በእንግሊዝኛ ተተርጉመው ለሠራዊቱ ቢሮ መቅረብ ነበረባቸው። በሌላ በኩል ቢሮው የወንድና የሴት ፍቅር በግልጽ እንዲታይ ያበረታታ ስለ ነበር በግንቦት 1946 የታየው «ሃታቺ ኖ ሴይሹን» (የሃያ ዓመት ወጣትነት) በመሳሳሙ ምክንያት ብዙ ተወራለት። እንግዲህ የመናገር ነፃነት ትምህርት ይሰጥ የነበረው አስቀድሞ ተመርምሮ በተፈቀደ ድርሰት ነበር ማለት ነው። ይህን ተቃራኒ ነገር አንባቢው በልቡ እንዲይዝልን እንፈልጋለን፤ ወደ በኋላ እንመለስበታለንና።

በቶሆ ኩባንያም ከ1946 እስከ 1948 ሦስት ጊዜ ታላቅ የሥራ ማቆም አድማ ተደርጓል። በሦስተኛው ጊዜ፣ በነሐሴ 1948፣ የጃፓን ፖሊሶች ብቻ ሳይሆኑ የአሜሪካ ወታደሮችና ታንኮች ስቱዲዮውን ከበቡ፤ አውሮፕላንም ከላይ ያንዣብብ ነበር። ፉጂሞቶ ሳኔዙሚ የተባለው ፕሮዲዩሰር የራሱን ድርጅት አቋቁሞ «ሰማያዊዎቹ ተራሮች»ን ከቶሆ ጋራ ያወጣው ከዚህ ሁከት በኋላ ዓመት ሳይሞላ ነበር። በደስታና በብርሃን የተሞላ የሚመስለው ፊልም ከዚህ ዓይነት ስቱዲዮ መውጣቱ ሊታሰብበት ይገባል።

፫. ስለ ሐሰተኛው ደብዳቤ

ኢሺዛካ ዮጂሮ የሴቶች ተማሪ ቤት አስተማሪ የነበረ ሰው ነው። ልብ ወለዱ በ1947 በ«አሳሂ» ጋዜጣ ላይ በ117 ክፍል እየተከፋፈለ በየዕለቱ ይወጣ ነበር። ታሪኩ ባጭሩ እንዲህ ነው። ተራሳዋ ሺንኮ የምትባል ተማሪ የሚበላ ነገር ልትሸጥ ወደ አንድ ሱቅ ገብታ ሮኩሱኬ ከሚባል ወጣት ጋራ ትተዋወቃለች። ሁለቱ አብረው ሲሄዱ ይታያሉ። የክፍል ጓደኞችዋም የሺንኮን ጠባይ ለመፈተን ብለው በወንድ ስም የፍቅር ደብዳቤ ጽፈው ይልኩላታል። እርስዋ ደብዳቤውን ይዛ ከሌላ አገር ወደ መጣችው ወደ መምህርቷ ወደ ሺማዛኪ ዩኪኮ ትሄዳለች። መምህርቲቱ ነገሩን በክፍል ውስጥ ስታነሣው ተማሪዎቹ ያደረግነው ለተማሪ ቤታችን ክብር ነው ብለው ይነሡባታል። ጉዳዩ ከክፍል ወጥቶ ከተማውን በሁለት ይከፍላል፤ በመጨረሻም በተማሪ ቤቱ ጉባኤ ፊት ይቀርባል።

በየማለዳው ጋዜጣ የሚያነብ ሰው የአንድ ቀን ድርሻውን አንብቦ እስከ ነገ ያስባል። በሲኒማ የተቀመጠ ሰው ግን ለማሰብ ፋታ የለውም። ስለዚህ 117ቱን ክፍል ወደ ፊልም የሚመልስ ጸሐፊ ዋና ሥራው ማሳጠር ብቻ አይደለም፤ የትኛው ነገር ምሰሶ ሆኖ ሌላውን እንደሚሸከም መምረጥ ነው። ኢዴና ኢማይ በምሰሶነት ያቆሙት ደብዳቤውን ነው። ደብዳቤው ከእጅ ወደ እጅ ይተላለፋል፤ በተላለፈ ቁጥር ይዞት የሚናገረው ሰው ማን እንደ ሆነ ይገለጣል። ሺንኮ ስትይዘው ድፍረትዋን እናያለን፤ መምህርቲቱ ስትይዘው ቅንነትዋንና የዋህነትዋን፤ ሽማግሌዎቹ ሲይዙት ፍርሃታቸውን።

ከሁሉ የሚበልጠው ትዕይንት ደብዳቤው በጉባኤው ፊት ድምፅ ከፍ ተደርጎ ሲነበብ ነው። ይህ ነገር በመጽሐፉም ያለ ነው፤ ነገር ግን የጃፓንን ፊደል ለማያውቅ አንባቢ ማብራራት አለብን። ጃፓኖች ከቻይና በወሰዱት ጽሕፈት «ፍቅር» ወይም «ናፍቆት» የሚለው ቃል በአንድ ምልክት ይጻፋል፤ ይህ ምልክት ከላይ አንድ ቅርጽ፣ ከታች ደግሞ «ልብ» የሚለው ምልክት አለበት። «እንግዳ ነገር» ወይም «ያልተለመደ» የሚለው ቃል ምልክትም ከላይ ያንኑ ቅርጽ ይዞ ከታች ግን ልብ የለበትም። ደብዳቤውን የጻፉት ልጃገረዶች ሁለቱን ምልክቶች አሳሳቱ። ስለዚህ «የምናፍቅሽ» ሊሉ ሲፈልጉ «ያልተለመድሽ» ብለው ጻፉ። በእኛ አገር ግእዝ የተማረ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸግረውም፤ በንጉሡ «ሠ» የተጻፈ «ሠረቀ» ወጣ፣ በራ ማለት ሲሆን በእሳቱ «ሰ» የተጻፈው «ሰረቀ» ግን ሌብነት ነው። ፊደሉን የሳተ ሰው ፀሐይን ሌባ ያደርጋታል።

ደብዳቤው ከነስሕተቱ በቁም ነገር ድምፅ ሲነበብ በአዳራሹ ያለው ሰው ይስቃል፤ በሲኒማ ያለው ሕዝብም አብሮ ይስቃል። ነገር ግን ሳቁ ውስጥ ፍርድ አለ። የተማሪ ቤቱን ክብር እንጠብቃለን ያሉት ተማሪዎች «ፍቅር» የሚለውን ቃል መጻፍ አያውቁም። ለምን አያውቁም ቢባል፣ ቃሉን በአፋቸው እንዳይሉት ተከልክለው ስላደጉ ነው እንላለን። የተከለከለ ቃል አይጠናም፤ ያልተጠና ቃልም ጊዜው ደርሶ ሲፈለግ ተጣሞ ይወጣል። እንግዲህ ሰዎቹ የተሸነፉት በመምህርቲቱ ንግግር ብቻ አይደለም፤ በአንዲት የፊደል ግድፈት ነው።

እኛ የኢዴን ሙያ የምናየው በዚህ ነው። መምህርቲቱ በክፍል ውስጥ የምትናገረው አለ፤ በቤት ስምና በአገር ስም የሰውን ነፃ ፈቃድ ማፈን ጥፋት መሆኑን ለልጆቹ ታስረዳለች። ንግግሩ ትክክል ነው፤ ነገር ግን በትክክለኛ ንግግር ብቻ የተሠራ ፊልም ስብከት ይሆናል። በጎንዋ የቆመው የከተማው ሐኪም ኑማታ በመጀመሪያ በነገሩ ይቀልዳል፤ አዲስ ሕግ ቢወጣም የሰው ልማድ ባንድ ጊዜ እንደማይለወጥ በሚያመለክት አነጋገር ያናድዳታል፤ እርስዋም በጥፊ ትመታዋለች። ከጥፊው በኋላ ነው ደጋፊዋ የሚሆነው። ለነፃነት የምትከራከረው ሴት እጅዋን መሰንዘርዋ፣ የተመታው ወንድም ተማክሮ መመለሱ፣ ሁለቱም ከአዲሱ ሕግ ገና ያልተለማመዱ ሰዎች መሆናቸውን ያሳያል። ተመልካቹም የሚማረው ከፍጹማን ሳይሆን እንደ ራሱ ከሚሳሳቱ ሰዎች ነው።

፬. የተቀደደው ደብዳቤ

ጸሐፊው ከኢማይ ጋራ ስለ ጻፈ የፊልሙ ምስጋና የሁለቱም ነው። ነገር ግን ኢዴ ከሌሎች ሰዎች ጋራ በጻፋቸው ላይ ያንኑ ጠባይ ስናገኝ የእርሱ እጅ ወዴት እንዳለ መገመት እንችላለን። ለዚህም «መሺ» የተባለውን ፊልም እንጥቀስ፤ ትርጓሜው «ምግብ» ወይም «ማዕድ» ማለት ነው።

ሃያሺ ፉሚኮ ይህን ልብ ወለድ በጋዜጣ ስታወጣ ሳለች በሰኔ 1951 ሳትጨርሰው ሞተች። ኢዴና ታናካ ሱሚዬ የተባለችው ሴት ጸሐፊ የፊልሙን ድርሰት ጻፉት፤ ናሩሴ ሚኪዮም አዘጋጅቶት በዚያው ዓመት በኅዳር ታየ። «ኪኔማ ጁምፖ» ይኼንንም ሁለተኛ አደረገው። የታሪኩ ባለቤት በኦሳካ የምትኖር ሚቺዮ የምትባል ሚስት ናት። በፍቅር አግብታ ነበር፤ ዛሬ ግን ቀንዋ በምድጃና በማዕድ መካከል አልቆ ባልዋም «ራበኝ» ከማለት በቀር የሚነግራት የለም። ወደ ቶኪዮ ወደ እናትዋ ቤት ትሄዳለች። ደራሲዋ ስለ ሞተች መመለስዋንና አለመመለስዋን መወሰን በጸሐፊዎቹ ላይ ወደቀ።

ጸሐፊዎቹ ሴትዮዋን መለሷት። ለባልዋ ጽፋ ያልላከችውን ደብዳቤ በባቡር ላይ ሳለች ቀድዳ በመስኮት ትበትነዋለች፤ ባልዋም በጎንዋ ተቀምጦ እንቅልፍ ወስዶታል። ይህን አጨራረስ ብዙ ሰዎች ወደ ኋላ የተመለሰ ነው ብለው ነቅፈውታል፤ ነቀፋውም ያለ ምክንያት አይደለም። እኛ ግን ከ«ሰማያዊዎቹ ተራሮች» ጋራ አስተያይተን ስናየው ሌላ ነገር ይታየናል። በመጀመሪያው ፊልም ሐሰተኛ ደብዳቤ በሕዝብ ፊት ተነበበ፤ ከዚያም ነፃነት መጣ። በሁለተኛው እውነተኛ ደብዳቤ ሳይነበብ ተቀደደ። ሁለቱንም ሴቶች የተጫወተችው ያችው ሃራ ሴትሱኮ ናት። በ1949 መምህርት ሆና ለወጣቶች የፈቃድ ጋብቻን ታስተምር ነበር፤ በ1951 በፈቃዷ ያገባች ሚስት ሆና ከተጋቡ በኋላ ያለውን ኑሮ ታሳያለች። ሕጉ የሚደርሰው እስከ ሠርጉ በር ነው፤ ከዚያ ወዲያ ያለውን የዕለት ማዕድ ማንም በአንቀጽ ሊደነግገው አልቻለም።

ኢዴና ታናካ ሱሚዬ በ1956 የኮዳ አያን ልብ ወለድ ወደ «ናጋሬሩ» ፊልም ሲመልሱም ይህንኑ መንገድ ተከትለዋል። ታሪኩ ሊዘጋ የተቃረበ የጌይሻዎች ቤት ነው። የቤቱ እመቤት ልጅ የእናትዋን ሙያ ትታ በልብስ ስፌት መኪና መሥራት ትማራለች። ስለ ሴቶች ነፃነት በዚህ ፊልም ውስጥ ንግግር የሚያደርግ የለም፤ የመኪናው ድምፅ ብቻ ይሰማል። ከዚህም ጸሐፊው ከሰባት ዓመት በፊት በአዳራሽ ያስነገረውን ነገር አሁን በዝምታ ማሳየት እንደ መረጠ እንረዳለን።

፭. ወጣቶቹ ሲቆጡ

ለወጣቶች ፊልም ጃፓኖች የሚሰጡት ስም «ሴይሹን ኤይጋ» ነው። «ሴይሹን» ወጣትነት ማለት ሲሆን የቃሉ ጽሕፈት «አረንጓዴ ጸደይ» ያሰኛል። የመጀመሪያው ምልክት በ«ሰማያዊዎቹ ተራሮች» ርእስ ያለው ያው ምልክት ነው፤ በጃፓንኛ ለሰማዩም ለቅጠሉም ይውላል፤ ያልበሰለ፣ እኛ እሸት ወይም ለጋ የምንለውንም ያመለክታል። እንግዲህ በርእሱ ያሉት ተራሮች ከሩቅ የሚታዩ ተራሮች ብቻ ሳይሆኑ ወጣቶቹም ጭምር ናቸው ለማለት ይቻላል።

ይህ እሸትነት ግን ብዙ አልቆየም። ኢሺሃራ ሺንታሮ «የፀሐይ ወራት» በሚለው ድርሰቱ በጥር 1956 የአኩታጋዋን ሽልማት ካገኘ በኋላ በዚያው ዓመት ተከታትለው የወጡት ፊልሞች ሌላ ወጣት አሳዩ፤ በጀልባና በመጠጥ የሚውል፣ ለወላጅም ለሕግም የማይጨነቅ ወጣት። ኢሺሃራ «ኩሩታ ካጂትሱ» (ያበደ ፍሬ) የተባለውን የፊልም ድርሰት ራሱ ጻፈው። በ1960 ደግሞ ከጸጥታ ውሉ ጋራ በተያያዘ ተማሪዎች በየመንገዱ ሲሰለፉ ኦሺማ ናጊሳ የወጣቶችን ጭካኔና ተስፋ መቁረጥ የሚያሳዩ ፊልሞችን አወጣ። በጥቅምት ወር የታየው «በጃፓን ሌሊትና ጉም» በጥቂት ቀናት ውስጥ ከየሲኒማ ቤቱ እንዲነሣ ተደረገ፤ ድርሰቱን ኦሺማ ከኢሺዶ ቶሺሮ ጋራ ነበር የጻፈው። በዚህም ፊልም ሰዎች ተሰብስበው ይከራከራሉ፤ ነገር ግን እንደ 1949ኙ ጉባኤ በሳቅና በፍርድ አይለያዩም።

ከእነዚህ ጋራ ሲተያይ የኢዴ ድርሰት የዋህ ሊመስል ይችላል፤ ብዙዎችም የተዉት ስለዚህ ነው። ነቀፋውን በቀጥታ እንመልከተው። በመጀመሪያ፣ ፊልሙ ጦርነቱን አይጠይቅም። አዘጋጁ ኢማይ ራሱ በ1943 በቶሆ «የግንብ ማማው ቆራጥ ጦር» የሚባል የጦርነቱን ዓላማ የሚያገለግል ፊልም ሠርቶ ነበር፤ ከስድስት ዓመት በኋላ የነፃነት ፊልም ሲሠራ ጥፋቱ ሁሉ የአንድ ትንሽ ከተማ ሽማግሌዎች ጥፋት መስሎ ይታያል። ሁለተኛም፣ ቀደም ብለን እንደ ተናገርነው፣ ነፃነቱ የተነገረው የያዘው ሠራዊት በተቆጣጠረው ዘመን ነው። በፊልሙ ውስጥ ስለ አሜሪካኖች የሚያማርር ሰው አለመኖሩ አያስደንቅም።

ሁለቱም ነቀፋዎች እውነት ናቸው ብለን እንቀበላለን። ሆኖም አንድ ነገር መጨመር ይገባል። የሮኩሱኬን፣ ማለት የተማሪውን፣ ሚና የያዘው ኢኬቤ ርዮ በ1918 የተወለደ በመሆኑ በዚያን ጊዜ 31 ዓመቱ ነበር፤ መምህርቲቱ ሃራ ደግሞ 29 ዓመትዋ። ተማሪው ከመምህርቲቱ ይበልጥ ነበር ማለት ነው። ኢኬቤ ወታደር ሆኖ በሃልማሄራ ደሴት ጦርነቱ እስኪያልቅ ድረስ የቆየ ሰው ነው። የወጣትነቱን ዓመታት በወታደር ልብስ ያሳለፈ ሰው ተመልሶ የተማሪ ቆብ ሲያደርግና ከጓደኞቹ ጋራ ወደ ባሕር በብስክሌት ሲሄድ የሚያየው ሕዝብም ብዙው እንዲሁ ወጣትነቱን የተቀማ ነበር። እንግዲህ ለዚህ ሕዝብ ብስክሌቱ የዋህነት ብቻ አልነበረም፤ የተወሰደበት ዕዳ ነበር።

፮. ያው ታሪክ ከ14 ዓመት በኋላ

የነገሩን መደምደሚያ የምናገኘው በ1963 ነው። በዚያ ዓመት በጥር ወር ኒካትሱ የተባለው ኩባንያ «ሰማያዊዎቹ ተራሮች»ን እንደገና በቀለም አወጣው። አዘጋጁ ኒሺካዋ ካትሱሚ ሲሆን ድርሰቱን የጻፉት ራሱ ኒሺካዋና ያው ኢዴ ቶሺሮ ናቸው። አንድ ጸሐፊ አንድን ታሪክ ከ14 ዓመት በኋላ ለሌላ ትውልድ ሲጽፈው ማየት ለመርማሪ ትልቅ ዕድል ነው።

ሺንኮን የተጫወተችው ዮሺናጋ ሳዩሪ በመጋቢት 1945፣ ጦርነቱ ሊያልቅ አምስት ወር ሲቀረው የተወለደች ናት። ፊልሙ ሲታይ 17 ዓመትዋ ነበር፤ ማለት እውነተኛ ወጣት ነበረች። ለእርስዋና ለእኩዮችዋ አንቀጽ 24 ተወልደው ያገኙት እንጂ የታገሉበት ነገር አይደለም። ወንዶችና ሴቶች አብረው በሚማሩበት አገር ያደጉ ስለ ሆኑ ሴት ልጅ ከወንድ ጋራ በመንገድ ብትታይ ከተማ የሚያውክበትን ምክንያት እንደ ተረት ነበር የሚሰሙት። የደብዳቤው ግድፈት ያው ነው፤ ሳቁም ያው ነው፤ ፍርዱ ግን ቀሎ ነበር። የሚፈረድበት ሰው ከአዳራሹ ወጥቶ ሄዷልና።

ዘመኑ ለሲኒማው ራሱም ተለውጦ ነበር። በ1958 የጃፓን ሲኒማ ቤቶች በአንድ ዓመት ከ1,100 ሚሊዮን በላይ ትኬት ሸጠው ነበር፤ ቴሌቪዥን በየቤቱ ስለ ገባ በ1963 ቁጥሩ ከግማሽ በታች ወረደ። በ1949 ሰዎች አንድን ንግግር በአንድ አዳራሽ አብረው ሰምተው አብረው ይስቁ ነበር፤ ከዚያ በኋላ ግን እያንዳንዱ በየቤቱ ሆኖ መስማት ጀመረ። ታሪኩ ከዚያም በኋላ በ1975ና በ1988 ተሠርቷል፤ በ1988 ኢዴ ራሱ ሞተ።

ከዚህ ሁሉ ምን እንማራለን? በእኛ አስተያየት የ1949ኙ ድርሰት ሥራ ሕዝቡ ያልለመደውን ቃል አስቀድሞ በሌላ ሰው አፍ ማሰማት ነበር። የገጠር ልጅ ለአስተማሪ፣ ሴት ለሐኪም፣ ወጣት ለሽማግሌ እንዴት ሊናገር እንደሚችል፣ ሲናገርም እንደሚሳሳትና በስሕተቱ እንደማይሞት አሳየ። ሕግ አውጪው ይህን ሊያደርግ አይችልም፤ ሕግ «ይፈቀዳል» ይላል እንጂ እንዴት እንደሚባል አያስተምርም። ቃሉ ከተለመደ በኋላ ግን ያስተማረው ሰው አያስፈልግም። በ1963 ልጆቹ ቃሉን ያለ ጸሐፊ እርዳታ ያውቁት ነበር።

ስለዚህ የኢዴ ቶሺሮ መረሳት ሥራው መክሸፉን አያመለክትም፤ ይልቁንም መጽናቱን ያመለክታል ብለን እናስባለን። ነገር ግን የሥራው መጽናት እኛን ከምስጋና ነፃ አያደርገንም። ፊልም የምንመለከት ተማሪዎች መብራቱ ከጠፋ በኋላ በመጋረጃው ላይ የሚያልፉትን ስሞች ሳናነብ የመቀመጥ ልማድ አለብን። ከእነዚያ ስሞች አንዱ፣ ዛሬ እኛ እንደ ራሳችን አድርገን የምንናገረውን ዓረፍተ ነገር መጀመሪያ በወረቀት ያሰፈረው ሰው ሊሆን ይችላል።